በጥቁር መነፅር ወደ አባቴ ደጅ

«ብርቄ፣ ገበያ ላይ እያየሽኝ ያለፍሽኝ በቁምጣዬ አፍረሽብኝ ነው?»

ይህን የጠየቁኝ አባቴ ናቸው። ያኔ ዘጠነኛ ክፍል ነበርኩ። ቡሬ ከተማ ከሌሎች የገጠር ልጆች ጋር አንዲት ክፍል ተከራይተን እንማራለን። አባቴ የሳምንት ስንቄን በትከሻቸው ተሸክመው ገበያ መጡ። ከጓደኞቼ ጋር እየሳቅኩ ስመጣ አዩኝና እጃቸውን አነሱልኝ። እኔ ፊት ለፊታቸው እያየሁ፣ እየሳቅኩ፣ አለፍኩ። ስንቁን ለአከራያችን ሰጥተው ተመለሱ። በሳምንቱ አገር ቤት ስሄድ በረቱ አጠገብ አቁመው አንድ ጊዜ ጠየቁኝ። ዝም አልኩ። ሁለተኛ አልጠየቁኝም።

መልሱ እኮ ቀላል ነበር። አላየኋቸውም! ዓይኔ ከልጅነቴ ጀምሮ የሩቁን አያይም። ግን «አላየሁዎትም» ካልኩ ቀጥሎ የሚመጣው ጥያቄ «መነፅርሽስ?» ነው። መነፅሩን አባቴ በግ ሸጠው፣ ባሕር ዳር ድረስ ወስደው ያሠሩልኝ ነው። እኔ ደግሞ የክፍል ልጆች «አራት ዓይና» ስለሚሉኝ ቦርሳዬ ውስጥ ደብቄው እዞር ነበር። ይሄን ከምናገር ዝም ማለት ቀለለኝ። መንደሩም የዝምታዬን ትርጉም ለራሱ ሰጠው፤ «ፊደል ቆጠረችና አባቷን ናቀች» ተባለ። አባቴ ከዚያ ወዲህ ቡሬ ሲመጡ ቁምጣ ለብሰው አያውቁም። ባለፈው ሐምሌ ከዩኒቨርሲቲ ስመረቅ እንኳ የመጡት ከሰው በተዋሱት፣ ቁርጭምጭሚታቸው ላይ በተጠቀለለ ረጅም ሱሪ ነበር።

ይኸው ስምንት ዓመት ሞላው። በዚህ ታኅሣሥ ወደ አገር ቤት የሄድኩት ሁለቱንም ዓይኔን በላዘር በተሠራሁ በዘጠነኛው ቀን ነው። አባቴን አግኝቼ ያን መልስ ልሰጥ ነበር የሄድኩት። ልዋሻችሁ አልፈልግም፣ ሩጫውም አስቸኩሎኛል። ያለ መነፅር፣ ጆሮዬ ላይ ላስቲክ ሳላስር፣ በመንደራችን ጨፌ ላይ መሮጥ በሕልሜ ሁሉ እየመጣ እንቅልፍ ነስቶኝ ነበር።

ዘጠነኛው ቀን፦ ከአዲስ አበባ እስከ ፍኖተ ሰላም

ያሠራኝ አዲስ አበባ ያለው ወንድሜ ነው፤ የምርቃት ስጦታ ብሎ። ላዘር ልትሠሩ ላሰባችሁ በአጭሩ ልንገራችሁ፦ አያምም፤ ያስፈራል። ተኝታችሁ አንዲት ቀይ መብራት ታያላችሁ፣ ፀጉር የተቃጠለ ዓይነት ነገር ይሸታችኋል፣ አለቀ። ሩብ ሰዓት አይሞላም። የሚከብደው ከዚያ በኋላ መታገሱ ነው፤ ትዕግሥት ደግሞ ሲታደል እኔ አልነበርኩም።

ለመጨረሻ ምርመራ ስሄድ ሐኪሟ እንዲህ አለችኝ፦ «ዓይንሽን እንዳታሺ። አስራ አራት ቀን እስኪሞላሽ ውሃ ውስጡ እንዳይገባ። ከአቧራ ሽሺ፤ ከቤት ስትወጪ ጥቁር መነፅር አድርጊ። ጠብታሽን በሰዓቱ። መራመድ እንደልብሽ ነው፤ ዱብ ዱብ ማለት አስር ቀን ከሞላሽ በኋላ። ኳስና ዋና ግን ወር እስኪሞላ የለም።»

«ዘጠኝ ቀን ቢሆንስ?»

«አስር።»

«ዘጠኝ ተኩል?»

እስክሪብቶዋን አስቀምጣ አየችኝ። «ምንድን ነው የተመረቅሽው?»

«ስታትስቲክስ።»

«እንግዲያው አስር ስንት እንደሆነ አታጪውም።»

አውቶቡሱ ከጠዋቱ አስራ ሁለት ሰዓት ተነሳ። መስኮት በኩል ነበርኩ። አጠገቤ የተቀመጡት ደጀን የሚወርዱ፣ ሽሮ የሚነግዱ ሴትዮ ናቸው፤ እናም አሳዘኑኝ፣ ምክንያቱም እኔ ያየሁትን ሁሉ ጮክ ብዬ አነብ ነበር። የመድኃኒት ቤት ስም፣ የጎሚስታ ምልክት፣ የጭነት መኪና ጀርባ ላይ የተጻፈ ጥቅስ። ጫንጮን ስናልፍ ሴትዮዋ አልቻሉም።

«ልጄ፣ እስከ ደጀን የሁሉንም ሱቅ ስም ልትነግሪኝ ነው?»

«ዓይኔን ተሠርቼ ነው፣ እትዬ። እነዚህን ነገሮች ድሮ አላያቸውም ነበር።»

«ውይ! እንግዲያ አንብቢ፣ አንብቢ። እኔም ሃያ ዓመት ተመላልሼበት ምን እንደሚል አላውቅም።» ከዚያ በኋላ እሳቸው ራሳቸው በክርናቸው እየጎሸሙ «ያስ? ያኛውስ ምን ይላል?» ይሉኝ ጀመር።

ዓባይ በረሃ ስንወርድ አፌን ከፍቼ ቀረሁ። ይሄን መንገድ ለትምህርት ስንት ጊዜ ተመላልሼበታለሁ! ለእኔ ግን፣ መነፅሬን ቦርሳዬ ውስጥ ስለምከተው፣ ገደሉ ሁልጊዜ አንድ ቡናማ ጭጋግ ነበር። አሁን ማዶው ላይ ያሉት ዛፎች አንድ በአንድ ተለይተው ቆመዋል። ቋጥኝ ላይ የተቀመጠች ዝንጀሮ ልጇን ስትቀምል አየሁ። ታች ሁለቱ ድልድዮች፣ አሮጌውና አዲሱ፣ ጎን ለጎን። የጠብታዬ ሰዓት እዚያው ጠመዝማዛው ላይ ደረሰና አንጋጥጬ ስጨምር አውቶቡሱ ዘለለ፤ የመጀመሪያው ጠብታ አፍንጫዬ ላይ፣ ሁለተኛው ሴትዮዋ ነጠላ ላይ አረፈ። ሦስተኛውን እሳቸው ጨመሩልኝ። እጃቸው ሳይንቀጠቀጥ፣ ልክ ዓይኔ ላይ።

«ከዚህስ የእናት ጡት ወተት ይሻልሽ ነበር» አሉ ክዳኑን እየገጠሙ። «እኛ አገር ዓይን በዚያ ነው የሚድን።»

ደብረ ማርቆስ ለምሳ ቆምን። ጾም ነው፤ በያይነቱ አዘዝኩ። ስልጆው አናት ድረስ የሚወጣ ሰናፍጭ ነበረው፤ ዓይኔ እንባ ሲሞላ ሁለቱን እጆቼን ቂጤ ሥር አድርጌ ተቀመጥኩባቸው፤ እንዳላሽ። ረዳቱ አየኝና «ምሩቅ ነሽ አይደል? ኮብልስቶን ልትጠርቢ ነው እንዲህ እጅሽን የምትጠብቂው?» ብሎ አሳቀብኝ። ሥራ ፈልጌ አምስት ወር የዞርኩ ሰው ነኝ፤ ሌላ ቀን ቢሆን እሰድበው ነበር። ያን ቀን ግን ሳቅኩ። ግድግዳው ላይ ያለውን የዋጋ ዝርዝር ከተቀመጥኩበት እያነበብኩ ማን ይናደዳል?

ደምበጫን፣ ጅጋን አልፈን ፍኖተ ሰላም መናኸሪያ ስንገባ አስር ሰዓት ሆኖ ነበር። አክስቴ አንጓች ቆማ ትጠብቀኛለች። የአባቴ ታናሽ ናት፤ ከተማው ውስጥ ትንሽ ሱቅ አላት። ከወንድሜ ሌላ ላዘሩን ከቤተሰብ የነገርኩት ለእሷ ብቻ ነው፤ መንደራችን ስልክ የሚሠራው ኮረብታው ላይ ሲወጡ ብቻ ስለሆነ፣ አባቴም ስልክ ስለሌላቸው፣ በአካል ሄጄ ላስደንቃቸው ብዬ። አንጓች ጥቁር መነፅሬን ስታይ ደነገጠች።

«ጨለመብሽ እንዴ?»

«ኧረ አልጨለመብኝም፣ እትዬ! ለፀሐይ ነው። ያ ባጃጅ ላይ የተጻፈውን ላንብብልሽ?»

አልሰማችኝም። እጄን ጨምድዳ ያዘችና «ቀስ፣ ድንጋይ አለ፤ ቀስ፣ ቦይ አለ» እያለች ትመራኝ ጀመር። በሌላው እጄ ሻንጣ ይዣለሁ፤ ማስለቀቅ አልቻልኩም። አንዲት መንገደኛ ሴት ድንገት ቀረብ ብላ ሻንጣ በያዝኩበት እጄ ጣቶች መሃል ሁለት ብር ሻጠችልኝና «እመብርሃን ትማርሽ» ብላ ሄደች። ልጮህ ስል፣ ከመንገዱ ማዶ የመንደራችንን ሰው አየሁት፤ አያ ደመላሽ። በርበሬ ሊሸጥ መጥቶ ባዶ ጆንያውን አይሱዙ ላይ እየጫነ ነው። ከዚያ ርቀት ለየሁት! ደስ ብሎኝ በጭንቅላቴ ሰላም አልኩት። ትክ ብሎ አየኝ። አማተበ። ፊቱን አዞረና ጋቢና ገባ።

«ዘጋኝ!» አልኩ። «እትዬ፣ አያ ደመላሽ አይቶኝ ዘጋኝ!»

«ቀስ፣ ደረጃ አለ» አለች አንጓች።

አስረኛው ቀን፦ ጸበልና መረብ ኳስ

በማግስቱ ጠዋት አንጓች ቀሰቀሰችኝ። ነጠላዋን አጣፍታ፣ ጀሪካን ይዛለች። ለካስ ልጅ ሆኜ «ዓይኗ ከበራ አምጥቼ ፊቷን በጸበልሽ አስጠምቃታለሁ» ብላ ለማርያም ተስላ ነበር።

«እትዬ፣ ውሃ ዓይኔ ውስጥ እንዳይገባ ተብያለሁ። አስራ አራት ቀን።»

«ውሃ ማን አለ? ጸበል ነው።»

«ጸበልም እኮ ውሃ…»

«ዝም በይ! ተምረሽ ተምረሽ እዚህ ደረስሽ?»

መንገድ ለመንገድ እየተጨቃጨቅን ጸበሉ ቦታ ደረስን። የሚያጠምቁት መምሬ ረጅም፣ ጺማቸው የሳሳ፣ ድምፃቸው ግን ዋሻ የሚሞላ ናቸው። አንጓች ከሰሰችኝ። እኔም የራሴን ተናገርኩ። ሁለታችንንም እስከ መጨረሻ ሰሙን።

«ሐኪሟ ስንት ቀን አለች?»

«አስራ አራት። ዛሬ አስር ነው፣ መምሬ።»

ወደ አንጓች ዞሩ። «አንቺስ ስትሳይ ቀን ቆርጠሽላት ነበር?»

«ኧረ የለም።»

«ስንት ዓመት ቆየሽ?»

«አስራ… አስራ አምስት ይሆናል።»

«አስራ አምስት ዓመት የታገሠች እመቤት አራት ቀን ታጣለች? ዛሬ ትጠጣ። ስትመለስ ፊቷን ትጠመቅ።» ከዚያ ወደ እኔ ጎንበስ ብለው «አንቺም ስለት አለብሽ?» አሉኝ።

ያልጠበቅኩት ጥያቄ ነው። «ስለት የለብኝም። ያልመለስኩት ጥያቄ ግን አለብኝ» አልኩ።

«እሱም ያው ነው» አሉና መስቀላቸውን ግንባሬ ላይ አሳረፉ። ጸበሉን በጣሳ ጠጣሁ። ጥርስ የሚያደነዝዝ ቅዝቃዜ።

ከዚያ በኋላ ማን ይያዘኝ! መራመድ እንደልብሽ ተብያለሁ፤ ላህ ወንዝ ድረስ ወርጄ ተመለስኩ። ፈጠን ፈጠን እያልኩ፣ አንዳንዴም እግሬ ሊሮጥ ሲል «አስር ነው ያለችሽ፣ ገና አልሞላም» እያልኩ ራሴን እየያዝኩ። ላቤ ግንባሬ ላይ ሲመጣ በንጹህ መሐረብ ጠብ ጠብ። ሰዉ ጥቁር መነፅሬን እያየ «ዲያስፖራ ነች» ይላል፤ ግማሹ ደግሞ «ምስኪን» ይላል። ለሁለቱም መልስ አልሰጠሁም።

ወደ ማታ፣ ከሥራ ሰዓት በኋላ አንድ መሥሪያ ቤት ግቢ ውስጥ ሠራተኞችና አስተማሪዎች መረብ ኳስ ሲጫወቱ አገኘሁ። አንዷ «ሰው ጎድሎናል፣ ግቢ!» አለችኝ። በሕይወቴ ማንም ለኳስ ጠርቶኝ አያውቅም። ሁልጊዜ መነፅር ያዥ ነበርኩ፤ የራሴንም የሰውንም። ምራቄን ዋጥኩ። ወር እስኪሞላ ኳስ የለም።

«አልችልም፤ ዓይኔን ተሠርቻለሁ። መስመር ልይላችሁ?»

ሳቁብኝ። ጥቁር መነፅር ያደረገች መስመር ዳኛ! ግን ራቅ ብዬ ጥግ ላይ ቆምኩ። ኳሷ ስትመጣ፣ እውነት ነው የምላችሁ፣ ስፌቷ ይታየኛል። በኖራ የተሰመረው መስመር፣ ኳሷ ስታርፍ የምትረጨው የኖራ ብናኝ፣ ሁሉም።

«ወጥታለች!»

«የት ወጣች? ገብታለች!» አለ አንድ ጠብደል አስተማሪ።

«በሁለት ጣት ወጥታለች! ኑና ምልክቷን እዩ!»

መጥተው አዩ። በሁለት ጣት። «ይቺ ልጅ ያደረገችው መነፅር ነው አቅርቦ የሚያሳያት» አለ አስተማሪው፤ ግቢው በሳቅ ፈረሰ። እስኪመሽ ድረስ እየጮህኩ ዳኘሁ። ድምፄ ተዘጋ። እንዲህ ደስ ብሎኝ አያውቅም።

አስራ አንደኛው ቀን፣ ጠዋት፦ ቡሬ

አስር ሞላ! አንጓች ሱቋን መዝጋት ስላልቻለች ብቻዬን ሚኒባስ ይዤ፣ በማንኩሳ አድርጌ፣ ሦስት ሰዓት ላይ ቡሬ ገባሁ። የገበያ ቀን ነው። ለአዲስ ዓይን ከዚህ የከፋ ቦታ የለም፤ ታኅሣሥ የበርበሬ ወር ነው። ገበያው ጠርዝ ላይ ቀይ ቁልል፣ ቀይ ቁልል፣ ቀይ ቁልል። ሰው ጆንያ ባራገፈ ቁጥር ብናኙ ይነሳል፣ ረድፉ ሁሉ ያነጥሳል፣ ሁሉም «ይማርህ» ይባባላል። እኔ ነጠላዬን እስከ መነፅሬ ሥር ስቤ፣ ሁለት እጆቼን ወደ ኋላ አጣምሬ ነው የገባሁት።

«ምነው እጅሽን ወደ ኋላ አሰርሽ?» አሉ አንዲት በርበሬ ሻጭ። «ሰርቀሽ ተይዘሽ ነው?»

«ዓይኔን እንዳላሽ ነው።»

«ታዲያ እዚህ ምን ትሠሪያለሽ? በርበሬ ካልገዛሽ ዓይንሽን ይዘሽ ሂጂ!»

ልክ ናቸው። ግን አንድ ነገር ሳላይ መሄድ አልቻልኩም። ያን ቀን የተራመድኩበትን ቦታ አውቀዋለሁ፤ ከጆንያ ሰፊዎቹ ተራ ጫፍ። አባቴ የቆሙት ጨው ተራው መግቢያ፣ ድንጋዩ ላይ ነው፤ በረቱ አጠገብ ሲጠይቁኝ ራሳቸው ነግረውኛል። እኔ የነበርኩበት ላይ ቆምኩና ወደ ድንጋዩ አየሁ። አንድ ሽማግሌ ተቀምጠውበታል። የከዘራቸው ጫፍ ላይ ያለው ሽቦ ይታየኛል። ከዚያ እየቆጠርኩ ሄድኩ። ሃያ እርምጃ። ብዙ መስሎኝ ነበር እኮ፤ ማዶ ለማዶ የሆነ ርቀት። ሃያ እርምጃ ብቻ! አባቴ ሃያ እርምጃ ላይ ቆመው፣ ስንቄን ተሸክመው፣ እጃቸውን አንስተው፣ እኔ እየሳቅኩ አልፌያለሁ። ማን ነው «አላየሁም» ቢባል የሚያምን? እኔ ብሆን አላምንም።

ዓይኔ አቃጠለኝ። በበርበሬው አላሳብብም።

ከቀኑ ስድስት ሰዓት፦ በእግር

ከቡሬ እስከ መንደራችን በፈጣን እግር ሁለት ሰዓት ተኩል ነው። ሁለት ዳቦና የተቀቀለ ድንች ገዝቼ፣ ጠብታዬን ጨምሬ ተነሳሁ። የአጨዳና የውቂያ ወቅት ነው፤ በየአውድማው በሬ ይሽከረከራል፣ በላይዳ የተበተነው ጭድ ወርቅ መስሎ ይነሳል። ያምራል፤ ለእኔ ግን ጠላት ነው። ነፋሱ ከየት እንደሚመጣ እያየሁ፣ አውድማውን በዳር በዳር እየዞርኩ ስሄድ አንድ ገበሬ ከሩቅ «ምነው ዞርሽ? አንበላሽም!» ብለው ጮኹ። «አቧራ ተከልክዬ ነው!» አልኩ። «በምድር ላይ አቧራ ተከልክሎ የሚኖር ማን ነው?» ብለው ሥራቸውን ቀጠሉ።

ወደ መንደራችን እየቀረብኩ ስሄድ ግን አንድ ነገር ግራ ገባኝ። የማውቃቸው ሴቶች ከገበያ ሲመለሱ ደረሱብኝና ሰላምታቸው ልቅሶ ቤት የሚባለው ዓይነት ሆነብኝ። «እግዚአብሔር ያውቃል፣ ልጄ።» «የሱ ፈቃድ ነው፤ በርቺ።» ሥራ አለማግኘቴን ሰምተው ነው ብዬ «ኧረ ይገኛል፣ ምንም አይደል» አልኳቸው። ተያይተው አለቀሱ። ሥራ ማጣት እንዲህ ያስለቅሳል እንዴ ብዬ እኔም ትንሽ ፈራሁ።

ስምንት ሰዓት አለፍ ሲል ጨፌው አፋፍ ላይ ደረስኩ። ጨፌ የምላችሁ በሁለት ኮረብታ መሃል የተዘረጋ ሰፊ የሣር ሜዳ ነው፤ በዚህ ወቅት ውሃው ደርቆ ሣሩ ግን ገና አረንጓዴ ነው። አቧራ የለም። አስር ቀን ሞልቷል። ሻንጣዬን በነጠላዬ ጀርባዬ ላይ ጠፍሬ አሰርኩ። ልሮጥ ነው!

ያን ጊዜ ማዶ ጫፍ ላይ ሰው አየሁ። በቅሎ የሚስብ ሰው። ያን ያህል ርቀት ላይ ድሮ ያለ መነፅር በቅሎና ቁጥቋጦ አልለይም። አሁን ግን በቅሎዋ ኮርቻ እንዳላት ታየኝ፤ ግራ ትከሻቸው ዝቅ ማለቱ ታየኝ፤ ሞፈር የሚያዘነብለው ትከሻ። አረንጓዴ ቁምጣ ለብሰዋል። አባቴ ናቸው።

እኔ የቆምኩበት አፋፍ ላይ እንደቆምኩ፣ እሳቸውም አዩኝና ቀጥ አሉ። ጥቁር መነፅሬን አዩ። እጃቸውን አላነሱም።

ለምን እንዳላነሱ የገባኝ ያን ጊዜ ነው። ሴቶቹ፣ የአያ ደመላሽ ማማተብ፣ ሁለት ብሩ፣ የአንጓች «ቀስ፣ ደረጃ አለ»… ሁሉም በአንድ ላይ ዱብ አለብኝ። ዓይኗ ጠፋ ተብለዋል። በበቅሎ ጭነው ሊወስዱኝ ነው የመጡት። ዕውር ለሆነች ልጅ እጅ ማንሳት ምን ያደርጋል?

እኔ እጄን አነሳሁ። እስከ ላይ። አወዛወዝኩት።

አባቴ ወደ ኋላቸው ዞር ብለው አዩ፤ ለሌላ ሰው መስሏቸው። ማንም የለም። ያን ጊዜ የበቅሎዋን ልጓም ለቀቁት።

ሮጥኩ። ዱብ ዱብ ነበር የተባለው፤ ይቅር በይኝ ሐኪሟ፣ ዱብ ዱብ አልነበረም። ሣሩ አንድ በአንድ እየታየኝ፣ ጉድጓዱን እየዘለልኩ፣ የት እንደምረግጥ እያወቅኩ፣ አፍንጫዬ ላይ የሚንሸራተት ከባድ መስታወት ሳይኖር፣ ለመጀመሪያ ጊዜ እግሬን ሳይሆን ፊት ለፊቴን እያየሁ ሮጥኩ። አባቴም ይሮጡ ነበር፤ «ቀስ! ገደል አለ! ልጄ ቀስ!» እያሉ። ገደል የለም። ጨፌ ነው።

ደርሼ ሳቅፋቸው ሁለታችንም ትንፋሽ የለንም። ፊቴን በሁለት እጃቸው ያዙ። ጥቁር መነፅሩን አወለቅኩላቸው።

«ታዪኛለሽ?»

«ሪዝዎ ሸብቷል። ጥርስዎም አንድ ጎድሏል፤ ሐምሌ ላይ ነበረች።»

የጎደለችውን ጥርስ ቦታ በምላሳቸው ዳሰሱ። ከዚያ ከሆዳቸው ሳቁ። «አፏስ እንዳለ ነው! ደመላሽ ግን ዛሬ ከቡሬ እንደገባ፣ በዓይኔ አየሁ፣ እጇን ተይዛ ስትመራ፣ ስትመጸወት ብሎ ማለልኝ እኮ!»

ነገርኳቸው። ላዘሩን፣ ጥቁር መነፅሩን፣ አንጓችን። እየሰሙኝ ሳለ ድንገት አንድ ነገር አደረጉ። ጋቢያቸውን ከትከሻቸው አውርደው ወደ ታች ለቀቁት፤ ጉልበታቸውን ሸፈኑበት።

«ወሬውን ስሰማ…» አሉ ወደ በቅሎዋ እያዩ፣ «ሱሪ መልበሻም ፋታ አላገኘሁ።»

ምን ልበላችሁ? ያን ሁሉ መንገድ ስለማመደው የመጣሁትን መልስ በየትኛው ቃል እንደምጀምር ማማረጥ ያዝኩ። እሳቸው ደግሞ ጊዜ አልሰጡኝም፤ «በይ ውጪ፤ በቅሎ ተውሼ ባዶዋን አልመልስም» ብለው አሳፈሩኝ። ሐኪሟ በቅሎ አልከለከለችም። ልጓሙን ይዘው ከፊት ከፊት ሄዱ፤ ጋቢው በየእርምጃው እየጠለፋቸው። እኔ ከላይ ሆኜ የተሸፈነውን እግራቸውን እያየሁ፣ ለአንዲት ቀን ሩጫ ከሐኪም ጋር በግማሽ ቀን የተከራከርኩ ችኩል፣ አንዲት ቃል ለመናገር ስምንት ዓመት መፍጀቴ አሳፈረኝ። አያ ደመላሽን «ዘጋኝ» ለማለት ደግሞ አንዲት ደቂቃ አልፈጀብኝም። አንድ ሰው አይቶን ሲያልፍ ልቡ ውስጥ ያለውን አናየውም። ለዚህ ላዘር የለውም፤ መናገር ነው መድኃኒቱ።

ደጃችን ስንደርስ አጥሩ ሥር መንደሩ ሞልቷል። ለአንድ ለአምስት ስብሰባ እንኳ እንዲህ አይመጡም። እናቴ ስታየኝ ጮኸች፤ እኔ ከበቅሎ ስዘል ደግሞ ሁሉም ጮኸ። አንዲት ጎረቤታችን እጃቸውን ፊቴ ላይ ዘረጉ።

«ይሄ ስንት ነው?»

«ሦስት ጣት። የመሃሉ ጥፍርዎ ላይ ሊጥ አለ።»

ሳቅ ሆነ፣ እልልታ ሆነ። አያ ደመላሽ ከኋላ ብቅ አለ፤ ፊቱ የበርበሬው ቀለም ሆኗል። «ምን ላድርግ? እጅሽን ተይዘሽ ሳንቲም ሲሰጡሽ አይቼ ልቤ አልቻለም፤ ምን ብዬ ላናግርሽ?» አለ። ነገሩን በቀልድ ሊያልፈው ፈልጎ ደግሞ ጨመረበት፦ «በቃ ተገላገልን! ከእንግዲህስ አባትሽን ገበያ ላይ እያየሽ አታልፊም!»

የሳቁ ግማሽ ተቆረጠ። ሁሉም የሚያውቀው ነገር ነው። አባቴ ጀርባቸውን ሰጥተው የበቅሎዋን የኮርቻ ማሰሪያ መፍታት ጀመሩ። «ተወው ደመላሽ፤ የልጅነት ነገር ነው» አሉ። ጋቢያቸውን እንደገና ወደ ታች ሳብ አደረጉት።

ድምፄ ከትናንቱ ዳኝነት ገና አልተከፈተም። ቢሆንም መንደሩ ሁሉ እንዲሰማ አድርጌ ተናገርኩ።

«አባ፣ በቁምጣዎ አላፈርኩም። ያፈርኩት በመነፅሬ ነው። እርስዎ በግ ሸጠው የገዙልኝን መነፅር፣ ልጆቹ እንዳይስቁብኝ ቦርሳዬ ውስጥ ደብቄው ነበር። ሃያ እርምጃ ላይ ቆመው አላየሁዎትም።»